ድሮኑን ትንሽ ዝቅ አድርጉልን

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል

ሰላምታዬ ይድረሳችሁ። ሰሞኑን በባህል ገጻችሁ ስለ አገራችን ዶክመንተሪ ፊልሞች የወጣውን ጽሑፍ አነበብኩት። ጸሐፊው ስለ ከተማና ስለ ሕንፃ የሚሠሩ ዶክመንተሪዎች ትልቅ እመርታ አሳይተዋል ይላሉ። ምክንያታቸው ምስሉ ነው። ካሜራው ጠርቷል፣ ድሮን ገብቷል፣ ከላይ የሚታየው ከተማ ያምራል። ምስሉ ማማሩን አልክድም። እመርታ በሚለው ላይ ግን አልስማማም፤ የጻፍኩላችሁም ለዚሁ ነው።

እኔ አንድ የቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ ውስጥ የሕንፃ ድሮዊንግ አስተምራለሁ። ተማሪዎቼ ፕላን፣ ሴክሽን፣ ኤሌቬሽን ሲስሉ ይውላሉ። ስለዚህ በቴሌቪዥን ሕንፃ ነክ ነገር ሲመጣ ቁጭ ብዬ አያለሁ። የሚመጣው ሁሌም አንድ ዓይነት ነው። ድሮኑ ይነሳል። ዋሽንቱ ይከተላል። ድምፁ ወፍራም የሆነ ሰውዬ ስንት ቢሊዮን ብር እንደወጣ፣ ስንት ሄክታር ላይ እንዳረፈ፣ ግንባታው ስንት በመቶ እንደደረሰ ይነግረናል። ከዚያ ሪባን ይቆረጣል፤ አለቀ። ማን ነደፈው? አይነገርም። ደረጃውን በየቀኑ የሚወጣው ሰው ምን ይላል? አይጠየቅም። ቢጠየቅም "በጣም ደስ ብሎኛል" ብሎ ሳይጨርስ ወደ ሌላ ምስል ይታለፋል።

በዚህ ነገር እንዲህ የተበሳጨሁት የአንድ ሰው ሥራ ስላየሁ ነው። ጋሪ ሀስትዊት ይባላል። አሜሪካዊ ነው። ዕድሜውን ያጠፋው ስለ ዲዛይንና ስለ ከተማ ፊልም በመሥራት ነው። ፊልሞቹን ያየሁት በ2012 ዓ.ም. ኮሮና ገብቶ ትምህርት ቤት ሲዘጋ ነው። በዚያ ሰሞን ሰውዬው ሥራዎቹን በየሳምንቱ አንድ አንድ እያለ ለዓለም ሁሉ በነፃ ለቀቃቸው። እኔም የሌሊት ኢንተርኔት ጥቅል እየገዛሁ፣ ቤተሰብ ሲተኛ፣ ጆሮ ማዳመጫዬን ሰክቼ አየኋቸው። ከዚያ ወዲህ የማስተምርበት መንገድ ራሱ ትንሽ ተቀይሯል። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመቶች የፈረንጆቹ ናቸው።)

ሀስትዊት መንገዱን የጀመረው ከሙዚቃ ነው። በ1980ዎቹ መጨረሻ ኤስ.ኤስ.ቲ. ከሚባል የፓንክ ሙዚቃ አሳታሚ ጋር ሠርቷል። በኋላ መጽሐፍ አሳትሟል፣ ዲቪዲ አውጥቷል፣ የሌሎችን የሙዚቃ ዶክመንተሪ ፕሮዲዩስ አድርጓል። በ2007 ለመጀመሪያ ጊዜ ራሱ ዳይሬክት ያደረገው ፊልም ሲወጣ ርዕሱ "ሄልቬቲካ" ነበር። ስለ አንድ ፎንት! ሰማንያ ደቂቃ ሙሉ ስለ አንድ የፊደል ቅርጽ! ሲሰሙት የሚያስቅ ነው። ማን ያየዋል ትላላችሁ። እኔ ግን ሳልነቃነቅ ጨረስኩት።

ፎንቱ የተሠራው በ1957 ስዊዘርላንድ ውስጥ፣ ሃስ በሚባል የማተሚያ ፊደል የሚያመርት ድርጅት ነው። የነደፈው ማክስ ሚዲንገር ነው፣ ሐሳቡን ይዞ የተነሳው ደግሞ የድርጅቱ ኃላፊ ኤድዋርድ ሆፍማን። መጀመሪያ ስሙ ሌላ ነበር። ሄልቬቲካ የተባለው በ1960፣ በሌላው ዓለም እንዲሸጥ ታስቦ ነው። ዛሬ የኒውዮርክ ምድር ባቡር ምልክት ላይ አለ፣ የአሜሪካ መንግሥት የግብር ፎርም ላይ አለ፣ በየሱቁ በር ላይ አለ። ፊልሙ የሚያደርገው ቀላል ነገር ነው። ተራኪ የለም። ካሜራው መንገድ ላይ ቆሞ ጽሑፉን፣ ከጽሑፉ ሥር የሚያልፈውን ሰው ያሳያል። በመሃል ባለሙያዎቹ ይከራከራሉ። ማሲሞ ቪኜሊ ይወዱታል። ኤሪክ ሽፒከርማን ሊያዩት አይፈልጉም። ፓውላ ሼር ደግሞ በወጣትነታቸው የቬትናምን ጦርነት ከሚደግፉት ትልልቅ ኩባንያዎች ጋር አያይዘው ይጠሉት እንደነበር ይናገራሉ። አንድ ፎንት ይህን ሁሉ ጠብ ያስነሳል ብሎ ማን ገመተ?

ከፊልሙ በኋላ ተማሪዎቼን አንድ ነገር ጠየቅኳቸው። ኮምፒውተራችሁ ላይ ያለውን ኒያላ የሚባለውን የአማርኛ ፎንት ማን ሠራው? ክፍሉ ዝም አለ። ይህ ፎንት ከዊንዶውስ ቪስታ ጋር በዚያው በ2007 የመጣ ነው። የቀበሌ ማስታወቂያ፣ የፈተና ወረቀት፣ የሠርግ ጥሪ ሲጻፍበት ዓመታት አልፈዋል። የነደፈው ካናዳ የሚኖር ጆን ሀድሰን የሚባል የፊደል ባለሙያ ነው። ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁም በእሱ ነው። ከልጅነታቸው ጀምሮ ሲያነቡት ያደጉትን ነገር የሠራ ሰው መኖሩ ራሱ ለተማሪዎቼ አዲስ ነገር ነበር። አንዱ "ቲቸር፣ እኔ እኮ ፊደል የሚሠራ ሰው አለ ብዬ አስቤ አላውቅም" አለኝ። በሠሪውና በተጠቃሚው መካከል ተቋርጦ የቀረ ነገር እንዳለ የገባኝ ያኔ ነው። በዙሪያችን ያለው ዕቃ ሁሉ እንደ ሣር ራሱ የበቀለ ይመስለናል።

ሁለተኛው ፊልም "ኦብጀክቲፋይድ" በ2009 ወጣ። ስለ ዕቃ ነው። ወንበር፣ ስልክ፣ የጥርስ ብሩሽ። በዚያን ጊዜ የአፕል ዲዛይነር የነበሩት ጆናታን አይቭ ስለ ላፕቶፕ አካል አሠራር ሲያስረዱ ያየሁት እዚያ ነው። ግን እኔን የያዘኝ ድንች መላጫው ነው። ስማርት ዲዛይን የሚባል ድርጅት ሰዎች፣ ለቁርጥማት በሽተኛ እጅ እንዲመች ብለው ስለሠሩት መላጫ ያወራሉ። እጀታው ወፈር ያለ ነው፣ ለስለስ ያለ ነው። ሐሳባቸው እንዲህ ነው። እጁ ለታመመው ሰው ከተመቸ ለጤነኛው መመቸቱ አይቀርም። እናቴ ጣቶቿ በቁርጥማት ተጣመዋል። ቀይ ሽንኩርት በቢላ ስትልጥ ማየት ያሳቅቃል። ይህን ፊልም ካየሁ ጀምሮ የወጥ ቤት ዕቃ ስገዛ እጀታውን በእሷ እጅ ነው የማስበው።

ከሁሉም በላይ ላወራላችሁ የምፈልገው ግን ሦስተኛውን ነው። "ኧርባናይዝድ" ይባላል፣ በ2011 የወጣ ነው። ስለ ከተማ ነው። ስለ እኛም ነው ብል አልዋሸሁም፣ አዲስ አበባ ፊልሙ ውስጥ ባትኖርም።

ብራዚሊያን ውሰዱ። በ1960 የተመረቀች አዲስ ዋና ከተማ። ፕላኗ የሉሲዮ ኮስታ ነው፣ ዋና ዋና ሕንፃዎቿ የኦስካር ኒማየር። ፊልሙ ኒማየርን ራሳቸውን አግኝቶ ያናግራል። እሳቸው በ2012 በ104 ዓመታቸው ነው ያረፉት፣ እና በዚያ ዕድሜ ስለ ሥራቸው ሲናገሩ ማየት ደስ ይላል። ወዲያው ግን የዴንማርኩ አርክቴክት ያን ጌል ይመጡና ነገሩን ያፈርሱታል። ብራዚሊያ ከሄሊኮፕተር ላይ ስትታይ ድንቅ ናት ይላሉ። በእግርህ ስትቆምባት ግን ለሰው አትሆንም፤ ርቀቱ አያስኬድም። ፕላኑ የተሠራው ከላይ ለሚያይ ዓይን ነው።

አሁን ድሮኑን ለምን እንዳነሳሁ ገባችሁ መሰለኝ። ድሮን ማለት የጌል ሄሊኮፕተር ነው። ከላይ የማያምር ከተማ የለም። ቆሼም ከላይ ሲያዩት ቅርጽ አለው። ከተማ የሚታወቀው ታክሲ ስትጠብቅ፣ ዝናብ ሲመጣ የምትጠለልበት ስታጣ፣ ሕፃን በጋሪ እየገፋህ የእግረኛ መንገዱ መሃል ላይ የመብራት ምሰሶ ሲገጥምህ ነው። የሀስትዊት ካሜራ አብዛኛውን ጊዜ የሚቆመው በሰው ቁመት ነው።

ቦጎታም አለች። የቀድሞው ከንቲባ ኤንሪኬ ፔኛሎሳ ብስክሌት እየነዱ ይናገራሉ። በድሃ ሰፈር ውስጥ የእግረኛውና የብስክሌቱ መንገድ ተነጥፏል፣ የመኪናው መንገድ ግን ጭቃ ነው። ሆን ተብሎ ነው። እሳቸው እንደሚሉት በ30 ዶላር ብስክሌት የሚሄደው ዜጋ በ30 ሺህ ዶላር መኪና ከሚሄደው እኩል ዋጋ አለው። መኪና ማቆሚያ ቦታ ማግኘት ደግሞ በየትኛውም ሕገ መንግሥት የተጻፈ መብት አይደለም። አሁን እኛም ዘንድ በኮሪደሩ ላይ የብስክሌት መስመር ተሠርቷል። ጥሩ ነው። በቴሌቪዥን ሲቀርብ ግን ርዝመቱ በኪሎ ሜትር ተነገረን እንጂ ብስክሌት ነድቶ ሥራ የሚሄድ አንድ ሰው አላየሁም። ከኋላው ተከትሎ የሚቀርጽ ካሜራ ቢኖር የት ላይ እንደተቸገረ፣ የት ላይ እንደተመቸው በአሥር ደቂቃ እናውቅ ነበር።

ደቡብ አፍሪካ፣ ካየሊትሻ። በአፓርታይድ ዘመን ጥቁሮች እንዲሰፍሩበት ከኬፕታውን ዳር የተቆረቆረ ሰፈር። ሰው ከባቡር ወርዶ ቤቱ እስኪደርስ ይዘረፋል፣ ይገደላል። እዚያ የመጣው መፍትሔ ፖሊስ መጨመር ብቻ አልነበረም። ሰዎች የሚሄዱበትን የእግር መንገድ ተከትሎ መብራት ተተከለ። በየተወሰነ ርቀት ሰው የማይጠፋበት፣ ከሩቅ የሚታይ ትንሽ ሕንፃ ተሠራ። ማታ ከታክሲ ወርደው ብሎካቸው እስኪደርሱ ስልካቸውን አብርተው የሚሄዱ የኮዬ ፈጬና የቱሉ ዲምቱ ልጆች ይህን ክፍል ሳሳያቸው ማብራሪያ አላስፈለጋቸውም።

ከዚያ ቺሊ። አርክቴክቱ አሌሃንድሮ አራቬና፣ በ2016 ፕሪትዝከር የሚባለውን ትልቁን የአርክቴክቸር ሽልማት ያገኙት። መንግሥት የሚሰጠው ገንዘብ ሙሉ ቤት አይሠራም። እሳቸው ታዲያ አነስተኛ ሙሉ ቤት ከመሥራት ይልቅ የትልቅ ቤት ግማሹን ሠሩ። ባለቤቱ ራሱ ሊሠራው የማይችለውን፣ ማለትም ስትራክቸሩን፣ ደረጃውን፣ መታጠቢያውንና ኩሽናውን። ቀሪውን ቤተሰቡ አቅሙ ሲፈቅድ ይሞላዋል። ደስ የሚለው ቦታ ደግሞ ይህ ነው። ገንዘቡ ለሁሉም አልበቃምና ነዋሪዎቹን ሰብስበው ጠየቋቸው። የውሃ ማሞቂያ ይግባላችሁ ወይስ የገላ መታጠቢያ ገንዳ? ቢሮ ውስጥ ያለ ሰው ማሞቂያ ነው የሚለው። ነዋሪዎቹ ገንዳውን መረጡ። ማሞቂያውን ዛሬ ቢያገኙት የጋዝ መክፈያ የላቸውም፤ ይሸጡታል። ገንዳው ግን አሁን ካልገባ ወዲያ አይገባም። ማሞቂያ ነገ ይገዛል።

እኔ የምኖረው ኮንዶሚኒየም ነው፤ አራተኛ ፎቅ። ቤቱን ስንረከብ ወለሉ ሊሾ ነበር። ግድግዳው ቀለም አልነካውም። ሴራሚኩን፣ የኩሽናውን መደርደሪያ፣ ቀለሙን፣ ጅብሰሙን እኛው ሞላነው። ጎረቤቶቼም እንደዚያው፤ ሌሊት ሌሊት የብሎኩ ሰው ሁሉ ይቦረቡር ነበር። እንግዲህ እኛም ግማሽ ቤት ተሰጥቶን ግማሹን ሠርተናል። ልዩነቱ መጠየቁ ላይ ነው። ምጣዱ የት ይቀመጥ? በርበሬ የት ይሰጣ? ለሐዘን የመጣ ሰው የት ይቀመጥ? እነዚህን ጥያቄዎች ሰው በየኮሪደሩ ላይ ለራሱ መልሷቸዋል። አንዲት ጎረቤቴ በረንዳዋን ወደ እንጀራ ቤት ቀይራዋለች፤ ጭሱ የሚወጣበትን ቦታ ሳያት ከብዙ ተማሪዎቼ ይልቅ ዲዛይን የሚገባት እሷ ናት እላለሁ። የእኛ ብሎክ ኮሙናል ቤት አሁን ዕቃ ማከማቻ ሆኗል። ለምን ሆነ? ማን ወሰነ? አንድ ሰዓት ሙሉ ዶክመንተሪ የሚወጣው ጉዳይ ነው። ድሮንም አያስፈልገውም።

ሀስትዊት ስህተት የለበትም ማለቴ አይደለም። "ዎርክፕሌስ" የሚባለው የ2016 ፊልሙ ስለ አንድ የማስታወቂያ ድርጅት አዲስ ቢሮ ነው። እኔን አሰልችቶኛል፤ ራሱም ማስታወቂያ ማስታወቂያ ይላል። ሌሎቹም ላይ የሚናገሩት ሰዎች አብዛኞቹ የአውሮፓና የአሜሪካ ታዋቂዎች ናቸው። የካየሊትሻና የሙምባይ ሰዎች ጥቂት ደቂቃ ነው የደረሳቸው። ቢጨመርላቸው ኖሮ እላለሁ።

ስለ "ራምስ" ግን ሳልናገር አላልፍም። በ2018 የወጣ ነው፣ ስለ ጀርመናዊው ዲዛይነር ዲተር ራምስ። ሙዚቃው የብራያን ኢኖ ነው። ራምስ አያታቸው አናጢ ነበሩ፣ እሳቸውም አናጢነትና አርክቴክቸር ተምረው በ1955 ብራውን የሚባል የኤሌክትሪክ ዕቃ አምራች ድርጅት ገቡ። ሬዲዮ፣ የሸክላ ማጫወቻ፣ ካልኩሌተር፣ የጺም መላጫ ሲነድፉ አርባ ዓመት ገደማ ቆዩ። በ1960 የነደፉት መደርደሪያ ዛሬም ይሸጣል። ፊልሙ ውስጥ ቤታቸውን እናያለን። ኮምፒውተር የላቸውም። ጠረጴዛቸው ላይ ያለው ቀይ የኦሊቬቲ ታይፕራይተር ነው። እና እኚህ ሰው ምን አሉ መሰላችሁ? ዳግም ብወለድ ዲዛይነር መሆን አልፈልግም፤ ዓለም ላይ የማያስፈልግ ዕቃ በዝቷል። እኔ ደነገጥኩ። እኛ አገር ቢሆን ይህቺ ዓረፍተ ነገር ገና ኤዲቲንግ ላይ ትቆረጥ ነበር። ክብር ሊሰጠው የተሠራለት ሰው ሥራውን እንዲህ ሲል እንዴት ይተዋል? ሀስትዊት ተዋት። ፊልሙን ያሠራው ድርጅት ሳይሆን ተመልካቹ ራሱ ኪክስታርተር በሚባለው የገንዘብ ማዋጫ ድረ ገጽ አስቀድሞ ያዋጣው ገንዘብ ስለሆነ ነው ብዬ እጠረጥራለሁ። ገንዘቡ ከየት እንደመጣ ፊልሙ ላይ ያስታውቃል።

በ2024 ደግሞ ያንኑ ሙዚቀኛ፣ ብራያን ኢኖን፣ ይዞ መጣ። ይህኛው ፊልም በታየ ቁጥር ይለያያል። ሶፍትዌሩ ከተከማቸው ቀረጻ እየመረጠ በየጊዜው አዲስ ቅደም ተከተል ይሠራል። እኔ አላየሁትም። ሐሳቡ ግን ይገርማል፤ ስለ ፎንት የጀመረ ሰው አሁን ፊልም የሚባለውን ነገር ራሱን እንደ ዲዛይን ሥራ ይዞ ፈታቶ እየገጠመው ነው።

ወደ ጋዜጣችሁ ልመለስ። አፍሪካ አዳራሽን ሁሉም ሰው ያውቃል። በ1961 የተመረቀ ነው። የአፈወርቅ ተክሌን የመስታወት ሥራ፣ ያንን 150 ካሬ ሜትር፣ ተማሪዎቼ በፎቶ አይተውታል፣ ስማቸውንም ይጠራሉ። ሕንፃውን ማን ነደፈው ስል ግን ዝም ይላሉ። አርቱሮ ሜዜዲሚ የሚባሉ ጣሊያናዊ ናቸው። የማዘጋጃ ቤቱም ሕንፃ የእሳቸው ነው። ፍልውሃንና የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርን ከእስራኤላዊው ዛልማን ኤናቭ ጋር የነደፉትን ሚካኤል ቴድሮስንስ ስንቱ ያውቃል? እነዚህ ሕንፃዎች ውስጥ ዕድሜያቸውን የሠሩ ጸሐፊዎች፣ የጥበቃ ሠራተኞች፣ የፅዳት ሠራተኞች አሉ። የትኛው መስኮት ከሰዓት በኋላ እንደሚያቃጥል፣ የትኛው ኮሪደር በክረምት ውሃ እንደሚያስገባ፣ የትኛው ደረጃ ጉልበት እንደማያደክም ያውቃሉ። ጡረታ እየወጡ ነው።

ስለዚህ ጥያቄዬ አጭር ነው። ለዶክመንተሪ ሠሪዎቻችን ማሞገሻ የሰጣችሁትን ያህል ቦታ ለአንድ ዓምድ ስጡ። በሳምንት አንድ ነገር፣ በሳምንት አንድ ሰው። የሕንፃ ነዳፊ ሊሆን ይችላል፣ የታፔላ ጸሐፊ ሊሆን ይችላል፣ በመርካቶ ምን አለሽ ተራ ከቆርቆሮ ከሰል ማንደጃ የሚሠራ ሰው ሊሆን ይችላል። ማን ሠራው፣ ለምን እንዲህ ሠራው፣ የሚጠቀምበት ሰው ምን ይላል? ሦስቱን ብቻ ጠይቁ። ጽሑፉን የጻፉት ባለሙያም ቢሆኑ እጃቸው ጥሩ ነው፤ ዓምዱን እሳቸው ቢይዙት ደስ ይለኛል።

ተማሪዎቼ በዚህ ሴሚስተር በየሰፈራቸው ያለውን አንድ ደረጃ ለክተው እንዲስሉ፣ በደረጃው የሚወጡ ሰዎችንም እንዲያናግሩ አዝዣቸዋለሁ። አንዳንዱ ሥራ ጥሩ ነው፣ አንዳንዱ ከጓደኛ የተገለበጠ ነው። ሪፖርተር ብትልኩ ጥሩ ጥሩውን መርጬ አሳያለሁ። ከሰዓት በኋላ ቢሆን ይሻላል፤ ጠዋት ጠዋት ወርክሾፕ ነን።

አክባሪያችሁ
የድሮዊንግ መምህርት፣ ከአዲስ አበባ